ጥያቄና መልስ፦ ቦምብ ጣይ አውሮፕላኖችና ጎንደር

ጥያቄ፦ በፋሲል ግቢ እንግዶችን አስጎበኛለሁ። የታላቁ ኢያሱ ቤተ መንግሥት ዘንድ ስንደርስ «የእንግሊዝ ቦምብ ነው ያፈረሰው» እላለሁ። ወዲያው «ሆን ብለው ነው ወይስ ስተው?» ብለው ይጠይቁኛል። ምን ልበላቸው? (ከፒያሳ)

መልስ፦ በመጀመሪያ አንዲት እርማት እንለምንዎ። ሕንጻው ከቦምቡ በፊትም ተጎድቶ ነበር፤ እ.ኤ.አ. በ1704 የደረሰው የመሬት መንቀጥቀጥ ክፉኛ አናግቶታል። ቦምቡ የተረፈውን ነው የመታው።

ጎንደር በምሥራቅ አፍሪካ የመጨረሻዋ የጣሊያን ምሽግ ነበረች፤ የጣሊያኑ አዛዥ ጄኔራል ናሲ እጁን የሰጠው ኅዳር 18 ቀን 1934 ዓ.ም. ነው። ጣሊያኖች ግቢውን ለመምሪያነት ይጠቀሙበት ስለነበር ለአብራሪዎቹ የጦር ዒላማ ሆነ። ግቢውን ዒላማ ማድረግ ይቻላል፤ ከግቢው ውስጥ አንዱን ሕንጻ ለይቶ መምታት ግን በዚያን ጊዜ መሣሪያ የሚቻል አልነበረም። ለእንግዶችዎ በቁጥር ያስረዷቸው።

አውሮፕላኑ በሰከንድ 70 ሜትር እየበረረ መጣ እንበል። የከፍታ መለኪያው 4,000 ሜትር ይላል። ይህ ግን ከባሕር ወለል ነው፤ ጎንደር ራሷ 2,100 ሜትር ገደማ ላይ ስለተቀመጠች ከከተማው በላይ ያለው 1,900 ሜትር ብቻ ነው። የአየሩን ግጭት ትተን ብናሰላ ቦምቡ መሬት ለመድረስ 20 ሰከንድ ያህል ይፈጅበታል፤ እስከዚያ ወደ ፊት 1,380 ሜትር ይጓዛል። ስለዚህ መለቀቅ ያለበት ግቢው ገና ከፊት እያለ ነው። አነጣጣሪው የከተማውን ከፍታ መቀነስ ቢረሳ ቦምቡ 28.6 ሰከንድ የሚወርድ ይመስለዋል፤ 2,000 ሜትር ሲቀረው ይለቀዋል፤ ቦምቡም ከዒላማው 620 ሜትር ቀድሞ ያርፋል። የግቢው አጥር ዙሪያው 900 ሜትር ነው። ስሕተቷ ግቢውን ከዳር እስከ ዳር ከሁለት ጊዜ በላይ ትበልጠዋለች ማለት ነው።

ሌላው ወጥመድ የፍጥነት መለኪያው ነው። በ4,000 ሜትር አየሩ ስስ ስለሆነ መለኪያው ከእውነተኛው አሳንሶ ያሳያል፤ በሰዓት 250 ኪሎ ሜትር ሲል አውሮፕላኑ 305 ያህል እየበረረ ነው። ይህን ያላረመ አነጣጣሪ ቦምቡን በ300 ሜትር ያሳልፈዋል። ያልታሰበ የ20 ኪሎ ሜትር ነፋስ ደግሞ 110 ሜትር ወደ ጎን ይወስደዋል። ማነጣጠሪያው እነዚህን ሁሉ ያርማል፤ ግን ትክክለኛውን ቁጥር የሚሞላለት ሰው ነው፤ ያውም ከታች እየተተኮሰበት።

እንግሊዞች ራሳቸው በነሐሴ 1933 ዓ.ም. በሌሊት በረራ የተነሱ ፎቶግራፎችን አስመርምረው ነበር። ዒላማውን መታን ካሉት አውሮፕላኖች 8 ኪሎ ሜትር ድረስ የተጠጉት ከሦስት አንድ ብቻ ሆነው ተገኙ። ቀን ላይ ነገሩ ይሻላል፤ ሕንጻ ለመምረጥ ግን አይበቃም።

አውሮፕላኑን ከጠየቁዎ፣ በጎንደር ዘመቻ ከዋሉት አንዱ ዌልስሊ የሚባለው ባለ አንድ ሞተር ቦምብ ጣይ ነው። አካሉ እንደ ቅርጫት የተጠላለፈ ብረት ሆኖ ላዩ ሸራ ለብሷል። አንዱ ዘንግ በጥይት ቢቆረጥ ሸክሙን ሌሎቹ ይካፈሉታል። ጥልፍልፉን ቆርጦ ሆዱ ላይ የቦምብ በር ማውጣት ስላስፈራ ግን ቦምቡን ከክንፎቹ ሥር በተንጠለጠሉ ሁለት ቋቶች ውስጥ ነበር የሚጭነው።

ጥያቄ፦ የሰፈራችን አዛውንቶች የጣሊያን አውሮፕላን ከዚህ ሜዳ የሚነሳው በማለዳ ነበር ይላሉ። ለምን? (ተማሪ፣ ከአዘዞ)

መልስ፦ ምክንያቱ ሙቀትና ከፍታ ነው። የአዘዞ ሜዳ ከባሕር ወለል 2,000 ሜትር ሊሞላ ትንሽ ነው የሚቀረው። እዚያ የአየሩ እፍጋት በባሕር ዳርቻ ካለው 82 በመቶ ያህል ብቻ ነው። እኩለ ቀን ላይ ሙቀቱ 28 ዲግሪ ሲደርስ ይብስና አውሮፕላኑ 2,900 ሜትር ላይ ያለ ያህል ይከብደዋል። ሞተሩ ጉልበት ያጣል፣ ፕሮፔለሩ አየር አይጨብጥም፣ ክንፉ እስኪያነሳ ረዥም ሩጫ ይፈልጋል። ካፕሮኒ 133 የሚባለው የጣሊያን ቦምብ ጣይ እያንዳንዳቸው 460 የፈረስ ጉልበት ያላቸው ሦስት ሞተሮች ነበሩት፤ እስከ 1,200 ኪሎ ቦምብ እንዲሸከም የተሠራ ነው። በቀትር ለማስነሳት ወይ ቦምቡን ወይ ነዳጁን መቀነስ የግድ ነው። ንጋት ላይ ግን ቀዝቃዛው አየር ያግዛል። አዛውንቶቹ በትክክል አስተውለዋል።

ጥያቄ፦ አያቴ ከደጃዝማች አያሌው ብሩ ጦር ጋር ተከዜን ተሻግረው ነበር። «ዘይት ዘይት የሚል ነገር ዘነበብን፤ ያቃጠለን ግን ማታ ነው» ይሉ ነበር። መርዝ ከሆነ ለምን ወዲያው አላቃጠላቸውም? (ከደምቢያ)

መልስ፦ ያ ነገር የሰናፍጭ ጋዝ ነው፤ ጠባዩም አያትዎ እንዳሉት ነው። ስሙ ጋዝ ይባል እንጂ ቅባትነት ያለው ፈሳሽ ነው። ሲነካ አያምም። በደቂቃዎች ውስጥ ቆዳ ውስጥ ይገባል፤ መቅላቱና ውኃ መቋጠሩ ግን የሚታየው ከሰዓታት በኋላ ነው። ክፋቱ እዚህ ላይ ነው፤ ሰው የሚታጠብበት ጊዜ የሚያልፈው ምንም ሳይሰማው ነው።

በታኅሣሥ 1928 ዓ.ም. አጋማሽ በተከዜ አካባቢ የደጃዝማች አያሌው ጦር አብሮት በዘመተው በራስ እምሩ ጦር ላይ የተጣለው ቦምብ ሲ 500 ቲ ይባላል። 212 ኪሎ ያህል ፈሳሽ ይዟል። የጊዜ ፊውዝ፣ ማለትም በተወሰነለት ጊዜ የሚያፈነዳው መሣሪያ፣ ስላለው መሬት ሳይደርስ በ250 ሜትር ገደማ ከፍታ ይፈነዳና ይረጫል፤ ዝናብ የመሰለውም ለዚህ ነው። ባዶ እግሩን በሣር ውስጥ የሚሄድ ወታደር ጠብታው ባይደርስበት እንኳ ከሣሩ ያገኘዋል። ፈሳሹ 14 ዲግሪ ላይ ስለሚረጋ በደጋው ብርድ ረግቶ ይቆይና ፀሐይ ሲያገኘው እንደገና ይነቃል። በተከዜ ቆላ ግን ሙቀቱ ስለሚያተነው ዓይንና ሳንባ ያጠቃል።

ንጉሠ ነገሥቱ ሰኔ 23 ቀን 1928 ዓ.ም. ጄኔቫ ላይ ይህን ለዓለም ተናግረዋል። የኢጣሊያ መከላከያ ሚኒስቴር በይፋ ያመነው እ.ኤ.አ. በ1996 ነው፤ ስልሳ ዓመት ዘግይቶ። የአያትዎን ቃል ቀኑንና ቦታውን ጨምረው ይጻፉት፤ ከመዝገቡ ጋር የሚገጥም ምስክርነት ነው።

ጥያቄ፦ ኢትዮጵያስ የራሷ ቦምብ ጣይ ነበራት? (ከማራኪ)

መልስ፦ ነበራት። ከ1947 እ.ኤ.አ. ጀምሮ ቢሾፍቱ የገቡት የስዊድን ሳብ 17 አውሮፕላኖች አፍንጫቸውን ደፍተው ቦምብ የሚጥሉ ነበሩ። ሲወርዱ ፍሬን የሚሆናቸው የተዘረጋው የጎማ እግራቸው ነው። በኋላ፣ እ.ኤ.አ. በ1968፣ ካንቤራ የሚባሉ አራት ባለ ጄት ቦምብ ጣዮች መጡ።

ጥያቄ፦ ከወልቅፊት በታች ስናርስ ማረሻው ክንፍ ያለው የዛገ ብረት አወጣ። ቁራሌው ልግዛ ይላል። ሰማንያ ዓመት ያለፈው ነገር አሁንም ይፈነዳል? (ከደባርቅ)

መልስ፦ ይፈነዳል፤ እባክዎ አይሽጡት፣ አይንኩትም። ወልቅፊት የጣሊያን ጦር እስከ መስከረም 1934 ዓ.ም. የመሸገበት ስለሆነ ከሰማይ የወረደም ከመድፍ የተተኮሰም ሊገኝ ይችላል። ጅራቱ ላይ ክንፍ ያለው የአውሮፕላን ቦምብ ወይም የሞርታር ጥይት ነው፤ ሞርታሩ ያንሳል። በብዙ የአውሮፕላን ቦምቦች ላይ ትንሽ መዘውር ትኖራለች። ቦምቡ ሲወርድ ነፋሱ ያሽከረክራታል፤ ስትፈታ ፊውዙ ይከፈታል። መዘውሯ ከሌለች ቦምቡ ለመፈንዳት ተሰናድቶ የከሸፈ ሊሆን ይችላል። ቦምብ ውስጥ የሚሞላው ቲ ኤን ቲ የሚባል ፈንጂ ለብዙ አሥርት ዓመታት ጉልበቱን አያጣም። ሌላው ባሩድ፣ ፒክሪክ አሲድ፣ ከብረት ጋር ሲቆይ በትንሽ ግጭት የሚነሳ ጨው ይሠራል። ዝገቱ አደጋውን ያባብሰዋል እንጂ አይቀንሰውም።

በሬዎቹን ከቀንበር ፈትተው በመጡበት ትልም ይመለሱ። ምልክት የሚያደርጉት ብረቱ አጠገብ ሳይሆን ርቀው፣ ድንጋይ ከምረው ወይም ጨርቅ አስረው ነው፤ በአካባቢው እንጨት አይትከሉ። አፈር አያልብሱት፣ ውኃ አያፍስሱበት፣ ቆሻሻ አያቃጥሉበት። ልጆችንና ከብቱን ቢያንስ 300 ሜትር አርቀው አንድ ሰው መንገዱን እንዲጠብቅ ያድርጉና ለፖሊስ ያመልክቱ፤ ሲያመለክቱ የብረቱን ርዝመት በክንድ ገምተው፣ ክንፍና መዘውር መኖር አለመኖሩን ይናገሩ። ከብረቱ የሚወጣ ቅባት ወይም የነጭ ሽንኩርት የመሰለ ሽታ ካለ የሰናፍጭ ጋዝ ሊሆን ስለሚችል እሱንም ይንገሩ፤ ነፋሱ ከእርስዎ ወደ ብረቱ በሚነፍስበት በኩል ይቁሙ። ለቁራሌውም ምክንያቱን ያስረዱት፤ እሱም ቤቱ ወስዶ በመዶሻ ነው የሚሰብረው።