ጥያቄና መልስ፦ የናሱን ሐውልት ልጣለው ወይስ ላስቀምጠው?

ጥያቄ፦ መምህር፣ እንደምን ሰነበቱ? ከባለቤቴና ከልጆቼ ጋር ሻርጃ ነው የምንኖረው። የ11 ዓመቷ ልጄ ጎረቤታችን ከሆነች ሕንዳዊት ዘንድ ባራታናትያም የሚባለውን የሕንድ ውዝዋዜ መማር ከጀመረች ሁለት ዓመቷ ነው። ባለፈው መድረክ ላይ ስትወጣ ሳላስበው እንባዬ ወረደ። ጸሎት ላይ ያለሁ መሰለኝ። በማግሥቱ አስተማሪዋ የናስ ሐውልት ሸለመቻት። አራት እጅ አለው፤ በእሳት ክብ ውስጥ ሆኖ ይወዛወዛል። ባለቤቴ "ጣዖት ቤቴ አያድርም" ብሎ በር ላይ አስቀምጦታል፤ ሊጥለው ነው። ልጅቷ ታለቅሳለች። ሐውልቱን ምን እናድርገው? ውዝዋዜውን ትቀጥል? የእኔስ እንባ ኃጢአት ነው? ወለተ ማርያም ነኝ።

መልስ፦ እኅቴ ወለተ ማርያም፣ ሐውልቱ በር ላይ ቆሞ ፍርድ እየጠበቀ ስለሆነ ከእሱ ልጀምር።

እንደ ነገርሽኝ ከሆነ ናታራጃ ነው፤ "የውዝዋዜ ንጉሥ" ማለት ነው። ሂንዱዎች ሺቫ የሚሉት አምላካቸው ነው። ይሄ መልክ ገንኖ የወጣው በደቡብ ሕንድ፣ በታሚል ናዱ፣ በቾላ ነገሥታት ዘመን ነው፤ የዛሬ 1 ሺህ ዓመት ገደማ። አሠራሩ ደግሞ ለእኛ ለአማርኛ ተናጋሪዎች ልዩ ነገር አለው። ባለሙያው መጀመሪያ ምስሉን በሰም ይሠራል። ሰሙን በጭቃ ይለብጠዋል። እሳት ሲያገኘው ሰሙ ቀልጦ ይወጣል፤ ሰሙ በለቀቀው ቦታ የቀለጠ ብረት ይፈስሳል። ሰምና ወርቅ ማለት ይሄው አይደል? ቅኔያችን ስሙን የተዋሰው ከአንጥረኛ ቤት ነው። ስዋሚማላይ በምትባል ትንሽ ከተማ ዛሬም እንዲህ ይሠራሉ። (የልጅሽ ሽልማት ግን ከፋብሪካ የወጣ ሳይሆን አይቀርም።)

ሰሙን ካየን ወርቁን እንፈልግ። ሐውልቱን ብርሃን ላይ አድርጊና ተመልከቺው። በላይኛው ቀኝ እጁ ትንሽ ከበሮ ይዟል፤ ዓለም የተጀመረችበት ድምፅ ነው ይላሉ። በላይኛው ግራ እጁ እሳት አለ፤ ዓለም የሚያልፍበት። የታችኛው ቀኝ እጁ መዳፉን ዘርግቶ "አትፍሩ" ይላል። የታችኛው ግራ እጁ ደግሞ ወደ ተነሣው እግሩ ያመለክታል፤ መጠጊያው እዚያ ነው ማለት ነው። በሌላው እግሩ ሥር የተረገጠው ድንክ አለማወቅ ነው። አሁን ፊቱን እዪ። ጸጉሩ ግራና ቀኝ ተበትኗል፤ ፊቱ ግን ጭንቅ የለበትም። ቀራጩ እዚህ ላይ ነው የተጠበበው።

እኛም እኮ ዕቃ እናነባለን። ከበሯችንን ያየ ፈረንጅ "ጥሩ ከበሮ" ብሎ ያልፋል። አንቺ ግን ጠፍሩ የጌታ የግርፋቱ ሰንበር፣ የለበሰው ጨርቅም የመግነዙ ምሳሌ እንደሆነ ሰንበት ትምህርት ቤት ተምረሻል። ስለዚህ የሰው ምልክት ማንበብ መቻል እምነትን መክዳት አይደለም። ቅዱስ ጳውሎስ አቴና ሲገባ ሐውልቶቻቸውን ዓይኑን ጨፍኖ አላለፋቸውም። ዞሮ ተመለከተ። "ለማይታወቅ አምላክ" የሚል ጽሑፍ አገኘና ስብከቱን ከዚያ ጀመረ። መንፈሱም እዚያው ነው የተበሳጨው። መበሳጨቱም ማየቱም የአንድ ሰው ናቸው።

ታዲያ ጣዖት ነው ወይ? በእነሱ ሥርዓት እንኳ ከሱቅ የተገዛ ምስል በቤተ መቅደስ ከሚቆመው ጋር እኩል አይደለም። በቤተ መቅደስ የሚቆም ምስል "ፕራና ፕራቲሽታ" የሚሉት ሥርዓት ይደረግለታል፤ መለኮቱ መጥቶ እንዲያድርበት የሚለምኑበት ነው። ከዚያ ዓይኑ ይከፈታል፤ በወርቅ መርፌ ብሌኑን ይጭሩበታል። ከዚያ በኋላ ምእመኑ የሚሄደው ምስሉን ለማየት ብቻ አይደለም፤ በምስሉ ለመታየትም ነው። ዳርሻን ይሉታል። ያንቺ ናስ ይሄ ሁሉ አልተደረገለትም። ስዊዘርላንድ ያለው ሰርን የተባለው የፊዚክስ ምርምር ማዕከልም ግቢው ውስጥ ረጅም ናታራጃ ቆሟል፤ የሕንድ መንግሥት እ.ኤ.አ. በ2004 የሰጠው ነው። እዚያ ማንም ዕጣን አያጥንለትም።

የመታየቱን ነገር ስታነቢ ሥዕሎቻችን ትዝ ብለውሽ ይሆናል። በእኛ ሥዕል ቅዱሳን ፊታቸውን ሙሉ ሰጥተው በትልልቅ ሁለት ዓይን ያዩናል። ክፉዎቹ በአንድ ዓይን፣ በጎን ነው የሚሣሉት። ሥዕላቱም በሜሮን ይከብራሉ። "ያው ነዋ" የሚል ሰው አይጠፋም፤ ብዙ ወጣቶች ይሄን ነግረውኛል። ያው አይደለም። በሥዕሉ ውስጥ አምላክ እንዲያድር አንለምንም። ቅዱስ ባስልዮስ እንዳለው ለሥዕሉ የሚሰጠው ክብር ወደ ባለቤቱ ያልፋል። የምንሥለውም ቃል ሥጋ ስለ ሆነ ነው፤ ታይቷል፣ ተዳስሷል። ናታራጃ ግን አንድ ቀን በአንድ አገር ተወልዶ የታየ ሰው ምስል አይደለም። መፍጠርና ማፍረስ የማያቋርጥ ዑደት መሆኑን የሚናገር ምሳሌ ነው። የእኛ እምነት እንዲህ የሚዞር ክብ የለውም። መጀመሪያ አለው፣ መጨረሻም አለው፤ በመካከሉም መስቀል አለ።

ስለዚህ ለባለቤትሽ ቁጣው ገብቶኛል በይልኝ። ቆሻሻ ገንዳ ውስጥ ግን አይጣል። አስተማሪዋ ደረጃው ላይ ብታየው ምን ይሰማታል? ጳውሎስ ጣዖት በዓለም ከንቱ እንደ ሆነ ከተናገረ በኋላ የደካማውን ሕሊና አስቡ ይላል። እናንተ ቤት የሚያስፈልገው ይሄ ነው። ባልሽ የሚታወክ ከሆነ ሳሎን መደርደሪያ ላይ አይቀመጥ፤ ከሥዕለ አድኅኖው ጋር ደግሞ ጭራሽ አይታሰብም። ልጅቷ ከመድረክ ልብሷ ጋር በካርቶን ታስቀምጠው፤ ለእሷ የሽልማት ዋንጫ ነው። ይሄም ከከበዳችሁ ለሚፈልገው ሰው ስጡት።

አሁን ወደ እንባሽ። የሕንድ ሊቃውንት በዚህ ጉዳይ ብዙ ደክመዋል። ናትያሻስትራ የሚባለው ጥንታዊ የድራማና የውዝዋዜ መጽሐፋቸው ተመልካች ከመድረክ የሚያገኘውን "ራሳ" ይለዋል። ቃሉ ጭማቂ፣ ጣዕም ማለት ነው። "ጣዕመ ዜማ" ለምንል ሰዎች ይሄ አዲስ አይደለም። መጽሐፉ ራሱ በምግብ ይመስለዋል። ሽንኩርቱ ብቻውን፣ በርበሬው ብቻውን፣ ቅቤው ብቻውን ወጥ አይደለም፤ አንድ ላይ ሲበስሉ ግን ከሁሉም የተለየ ጣዕም ይመጣል። የእጅ ምልክቱ፣ የዓይን አጣጣሉ፣ የእግር ቃጭሉ፣ ዘፈኑ እንደዚያ ነው። ስምንት ጣዕም ቆጥረዋል፦ ፍቅር፣ ሳቅ፣ ኀዘን፣ ቁጣ፣ ጀግንነት፣ ፍርሃት፣ መጸየፍ፣ መደነቅ። ከ1 ሺህ ዓመት በፊት የነበረው የካሽሚሩ ሊቅ አቢናቫጉፕታ ደግሞ ዘጠነኛ አለ ብሎ ተሟገተ፤ ጸጥታ፣ ሰላም።

እኔ እንደሚመስለኝ አንቺን ያገኘሽ ይሄ ዘጠነኛው ነው። ትንሽም የእናትነት ነገር አለበት። ኃጢአት አይደለም። ጸሎትም ግን አልነበረም። ጸሎት የሚነገረው አለው፤ ስሙን ጠርተሽ ነው የምትጀምሪው። እነሱም ቢሆኑ ከኋለኞቹ ሊቃውንት ወገን የጥበብን ጣዕም የመለኮት ጣዕም "የማኅፀን ወንድም" ያሉት አሉ። ወንድም ነው አሉ እንጂ ራሱ ነው አላሉም። ይሄን ልዩነት ሳነብ ወደድኩላቸው። ዳዊት "እግዚአብሔር ቸር እንደ ሆነ ቅመሱ እዩም" ያለው ግን የመድረክ ጣዕም አይደለም፤ ቅዳሴ ላይ ነው የምታገኚው።

ውዝዋዜውን በተመለከተ ታሪኩን እወቂ። ባራታናትያም የወጣው ከቤተ መቅደስ ነው። ለአማልክቱ የተሰጡ ሴቶች ናቸው ይወዛወዙት የነበረው። በደቡብ ሕንድ ማድራስ ውስጥ ልጃገረዶችን እንዲህ መስጠት እ.ኤ.አ. በ1947 በሕግ ተከልክሏል። ወደ ዘመናዊ መድረክና ትምህርት ቤት ካመጡት አንዷ ሩክሚኒ ዴቪ ናት፤ ካላክሼትራ የተባለውን ትምህርት ቤት እ.ኤ.አ. በ1936 ከፈተች። ስለዚህ ዛሬም ሁለቱም አለበት፤ ጥበቡም አምልኮውም። አስተማሪዋን በትሕትና ጠይቂያት። ትምህርቱ ሲጀመር ምስል ፊት አበባ መጣልና መስገድ ካለ ልጅሽ አታድርግ፤ ወደ ጎን ቆማ ትጠብቅ። ከመወዛወዛቸው በፊት ምድርን ነክተው "ልረግጥሽ ነውና ይቅር በይኝ" የሚሉበትም አለ፤ ያንንም ትተወው። ከዚያ "ንሪታ" የሚሉት አለ፤ የእግርና የእጅ ስልት ብቻ ነው፣ ታሪክ አይተርክም። እሱን ያለ ስጋት ትማር። ታሪክ የሚተርከው ላይ ግን ግጥሙን አስተርጉሚ። ለማን እንደሚዘመር ሳታውቂ ልጅሽን መድረክ ላይ አታውጪ። ብዙ ሕንዳውያን አስተማሪዎች ክርስቲያን ተማሪ ስላላቸው ይሄ ጥያቄ አይገርማቸውም።

ከእኅት አብያተ ክርስቲያናችን አንዷ፣ የሕንድ ኦርቶዶክስ፣ ያለችው እዚያው ሕንድ፣ ኬረላ ነው። ምእመናኗ ቅዱስ ቶማስ እ.ኤ.አ. በ52 ሰበከን ይላሉ። በጥር 1957 ዓ.ም. አዲስ አበባ በተደረገው የአኃት አብያተ ክርስቲያናት ጉባኤ ከእኛ ጋር ተቀምጠዋል። ልጅ ሆኜ ሒሳብ ያስተማረኝ ሕንዳዊ ከዚያ ነበር። ሲያማትብ ስናይ ክፍሉ በሙሉ አጉረመረመ፤ ሕንድ ሁሉ ላም የሚያመልክ ይመስለን ነበር። በኬረላ ጥንታዊ የድንጋይ መስቀሎች አሉ። ከመስቀሉ እግር ሥር የሎተስ አበባ ተቀርጿል፤ የሂንዱ አማልክት የሚቀመጡበት ያው አበባ። እነሱ መስቀሉን አበባው ላይ ተከሉት። በየቤተ መቅደሱ የሚበራውን የናስ መቅረዝ ወሰዱና ጫፉ ላይ መስቀል አደረጉ። በንግሥ በዓል ባለቀለም ጃንጥላ ይዘው ይወጣሉ፤ ብታያቸው ጥምቀት ላይ ያለሽ ይመስልሻል። አበባውን ወሰዱ፣ መቅረዙን ወሰዱ፤ ስግደቱን ግን አልወሰዱም።

ከባለቤትሽ ጋር ሆናችሁ የነፍስ አባታችሁን አማክሩ፤ እሳቸው ቤታችሁን ያውቃሉ። የእግር ቃጭሏን አሁኑኑ አታስወልቂያት። ግጥሙንም ስታስተረጉሚ ለእኔም ላኪልኝ።