ለትዳር ፈላጊ ወጣቶች፦ ሰው የሚለውና የሚያደርገው

ልጆቼ፣

የሥራ ዘመኔ ያለፈው ሰዎች ስለ ራሳቸው የሚናገሩትን በመመዝገብ ነው። በሐዋሳና በዙሪያዋ ቀበሌዎች መጠይቅ ይዞ ቤት ለቤት የዞረ የስታቲስቲክስ ባለሙያ አንድ ነገር ቶሎ ይገባዋል፦ ዕድሜውን የተጠየቀ ሰው 30፣ 35፣ 40 ማለት ይወዳል፤ 37 የሚል ጥቂት ነው። የገቢውን ነገርማ ተዉት። ስለዚህ በኢንተርኔት ፍቅረኛ ስለሚፈልጉ ሰዎች የተሠሩ ጥናቶችን ሳነብ ውሸቱ አልደነቀኝም። የቀናሁት ሌላ ነገር አይቼ ነው፤ እዚያ ሰው ከሚናገረው ጎን የሚያደርገውም ይመዘገባል። እኛ ይህ ዕድል አልነበረንም።

እ.ኤ.አ. በ2008 የታተመ ጥናት 80 የኒው ዮርክ ተጠቃሚዎችን ጠርቶ ቁመታቸውንና ክብደታቸውን ለካ፣ ዕድሜያቸውን ከመታወቂያቸው አመሳከረ። ከአሥሩ ስምንቱ ቢያንስ በአንዱ ዋሽተዋል። ውሸቱ ግን በአብዛኛው ጥቃቅን ነበር፤ ወንዱ ቁመቱ ላይ ትንሽ ይጨምራል፣ ሴቷ ክብደቷ ላይ ትንሽ ትቀንሳለች። ነገ ፊት ለፊት እንደሚገናኝ የሚያስብ ሰው ውሸቱን ይመጥናል። ከቶ ሊገናኛችሁ ያላሰበ ግን ገደብ የለውም። የሚያስፈራው እሱ ነው፤ በተለይ ሳታዩት ገንዘብ የሚጠይቃችሁ።

ኦኬኪዩፒድ የተባለው የአሜሪካ መገናኛ ድረ ገጽ እ.ኤ.አ. በ2009 ባወጣው መረጃ፣ ሴቶቹ 80 በመቶ የሚሆኑትን ወንዶች በመልክ ከመካከለኛ በታች አድርገው መደቧቸው። ምን ዓይነት ጨካኝ ዳኞች ናቸው! መልእክት ለመላክ ሲነሱ ግን እነዚያኑ የጣሏቸውን ወንዶች አልናቁም። ወንዶቹ በአንጻሩ ነጥብ ሲሰጡ ሚዛናዊ ናቸው፤ ሲጽፉ ግን አብዛኞቹ ወደ ቆንጆዎቹ ይሮጣሉ። «ሴት የምታየው መልክና ብር ብቻ ነው» እያላችሁ የምታማርሩ ወንዶች ልጆቼ፣ የላካችኋቸውን መልእክቶች መለስ ብላችሁ ብትቆጥሩ ደስ ይለኛል።

ይኸው ድርጅት እ.ኤ.አ. በ2014 ያመነው ሙከራ ደግሞ የባሰ ነው። በድረ ገጹ ስሌት እምብዛም የማይጣጣሙ ሰዎችን «በጣም ትስማማላችሁ» አላቸው። እነሱም አምነው ከወትሮው ይበልጥ ተጫወቱ። ሳያስፈቅዱ በሰው ልብ እንዲህ መሞከርን አልወደድኩትም። የእኛ አማላጆች ግን ነገሩን ከጥንት ያውቁታል፤ «ጨዋ ልጅ ናት፣ ለአንተ የተፈጠረች» የተባለ ወንድ የመጀመሪያውን ቡና የሚጠጣው ግማሽ መንገድ ሄዶ ነው።

በጥር 2013 እ.ኤ.አ. ደግሞ የድረ ገጹ ሰዎች የተጠቃሚዎቹን ፎቶዎች ሁሉ ለሰባት ሰዓታት ደበቁ። ለመጀመሪያ መልእክት መልስ የሚሰጠው ሰው በ44 በመቶ ጨመረ። ፎቶዎቹ ሲመለሱ ብዙው ጨዋታ ተቋረጠ።

ማን ከማን ጋር እንደሚዋደድ አስቀድሞ ማወቅስ ይቻላል? እ.ኤ.አ. በ2017 የታተመ ጥናት ሰዎች ስለ ራሳቸው የሞሉትን ከ100 በላይ መለኪያ ለኮምፒውተር ሰጥቶ ሞከረ። ማን በጥቅሉ ተፈላጊ እንደሆነ በከፊል መገመት ቻለ፤ ማን ማንን ለይቶ እንደሚወድ ግን ሊተነብይ አልቻለም። ይህን ያነበበ ሰው በቴሌግራም ለወራት አይጻጻፍም። በቀን፣ ሰው በሚበዛበት፣ ለምሳሌ በሐዋሳው ፍቅር ሐይቅ ዳር ተገናኙ። ለእህታችሁ ወይም ለጓደኛችሁ የት እንዳላችሁ ንገሩ። አንድ ሰዓት ለመጀመሪያ ቀን ይበቃል።