የሙያ ምክር፦ አዲስ ጉድጓድ ማስቆፈር ወይስ የተቆፈረውን ማቆየት?

ጠያቂያችን ከወልድያ ነሽ። በውሃ ሀብት ምህንድስና ከተመረቅሽ ሁለት ዓመት ሊሞላሽ ሲል በአንድ ሳምንት ሁለት ሥራ መጣልሽ፦ አንዱ ከተቋራጭ ጋር የስድስት ወር የሳይት መሐንዲስነት፣ ሌላው በአንዲት ትንሽ የወሎ ከተማ የመጠጥ ውሃ አገልግሎት የኦፕሬሽንና ጥገና ባለሙያነት። የኋለኛው ደመወዙ ያንሳል፤ አባትሽም «አምስት ዓመት የተማርሽው ቧንቧ ለመጠገን ነው?» ብለውሻል። «ወይስ ሁለቱንም ትቼ ሁለተኛ ዲግሪ ልጀምር?» ስትይም ጠይቀሻል።

አብሽሪ፤ ጥገናውን ያዢ። የደመወዙን ማነስ አልዘነጋንም።

አዲስ ጉድጓድ ሲመረቅ ሪባን ይቆረጥለታል፤ የተቃጠለ ሞተር ሲቀየር የሚያጨበጭብ የለም። በዚህ የተነሳ ግንባታ የሚከታተል መሐንዲስ በየቦታው ይገኛል፣ ያው ፓምፕ በዓመት ሁለት ጊዜ ለምን እንደሚቃጠል ለክቶ የሚናገር ግን ጥቂት ነው። በ2013 መጨረሻና በ2014 መጀመሪያ ጦርነቱ ሰሜን ወሎን ለወራት መብራት ባሳጣ ጊዜ ሰው ጀሪካን ይዞ ወደ ወንዝና ወደ ምንጭ እንደወረደ አንቺም ታስታውሺያለሽ። ጉድጓዶቹ አልደረቁም ነበር፤ ውሃውን የሚያወጣው ኃይል ነው የጠፋው።

አሁን «ቧንቧ መጠገን» የተባለው ውስጥ ያለውን ስሌት እንይ።

በ5 ባር ግፊት ያለ መስመር ላይ የ5 ሚሊ ሜትር ቀዳዳ ብትከፈት በሰከንድ 0.37 ሊትር ገደማ ታፈሳለች። በቀን ወደ 32 ሜትር ኩብ ይመጣል። ሁለተኛው የዕድገትና ትራንስፎርሜሽን ዕቅድ ከ100 ሺህ እስከ 1 ሚሊዮን ሕዝብ ላላቸው ከተሞች ያስቀመጠው መስፈርት ለአንድ ሰው በቀን 80 ሊትር ነው። እንግዲህ የእርሳስ ውፍረት የማትሞላ ቀዳዳ የ400 ሰው ድርሻ ትጠጣለች ማለት ነው፣ ያውም ውሃው ወደ አስፋልት ካልወጣ ማንም ሳያያት።

የወሎ መልክዓ ምድር ደግሞ ነገሩን ያባብሰዋል። በየ10 ሜትር ቁልቁለት 1 ባር ይጨመራል። እንደ ደሴ ባለ ተዳፋት ከተማ ሪዘርቯሩ (የውሃ ማጠራቀሚያው) ከታችኛው ሰፈር በ100 ሜትር ከፍ ቢል፣ ሌሊት ሁሉም ቧንቧውን ሲዘጋ የታችኛው መስመር 10 ባር ይሸከማል። ፒኤን 10 (እስከ 10 ባር የሚችል) የሚል የታተመበት የኤችዲፒኢ ፕላስቲክ ቧንቧ በዚያ ሰዓት አቅሙ ጫፍ ላይ ነው፤ መብራት ሄዶ ሲመጣ የሚፈጠረው የውሃ ምት (ድንገተኛ የግፊት መናወጥ) ሲታከልበት መገጣጠሚያው ይለቃል። መፍትሔው የታወቀ ነው፤ ከተማውን በከፍታ ቀጠና መከፋፈል፣ በየቀጠናው መግቢያ የግፊት መቀነሻ ቫልቭ ወይም የግፊት መስበሪያ ገንዳ ማስገባት። ተበላሽቶ የሚገኘውም እዚያው ላይ ነው። የቫልቩ ማጣሪያ በደለል ይደፈናል፣ ውሃ ይቀንሳል፣ ሰፈሩ ይጮኻል፣ ሠራተኛው ባይፓሱን (ቫልቩን ዘሎ የሚያልፈውን መስመር) ይከፍታል። ከዚያ በኋላ በዚያ ሰፈር ቧንቧ የሚፈነዳው «ዕቃው ቻይና ስለሆነ» ነው ይባላል። ግፊቱን ከ5 ወደ 2.5 ባር ብቻ ብታወርጂው ከዚያችው ቀዳዳ የሚፈሰው በ30 በመቶ ገደማ ይቀንሳል፣ አንድ ሜትር ሳይቆፈር።

ብክነቱን ለማወቅ የመጀመሪያው መንገድ የሌሊት ፍሰት ልኬት ነው። ከሌሊቱ 8 እስከ 10 ሰዓት የሪዘርቯሩን መግቢያ ዘግተሽ ውሃው ስንት ሴንቲ ሜትር እንደወረደ ለኪ። ዲያሜትሩ 8 ሜትር በሆነ ክብ ሪዘርቯር ውስጥ በሁለት ሰዓት 30 ሴንቲ ሜትር ከወረደ 15 ሜትር ኩብ ወጥቷል፤ በሰዓት 7.5። ሰው ተኝቶ ይህን ያህል የሚሄደው ወዴት ነው? እዚህ ላይ ግን ተጠንቀቂ፦ ውሃ በፈረቃ በሚደርስበት ከተማ ሌሊት የሚፈሰው የየቤቱን ሮቶ እየሞላም ሊሆን ይችላል። ስለዚህ ቢያንስ ለሁለት ቀን ሳይቋረጥ ውሃ ባገኘ ቀጠና ላይ ለኪ፤ ከዚያ ቫልቮቹን አንድ በአንድ እየዘጋሽ ፍሰቱ በየትኛው ላይ እንደሚወድቅ ተመልከቺ። ፈረቃ ራሱ በሽታ ነው። መስመሩ ባዶ ሲሆን ከውጭ ያለው ቆሻሻ በቀዳዳው ይሳባል፤ ውሃው ሲመለስ የታፈነው አየር ቆጣሪ ያሽከረክራል፣ ደንበኛም «አየር አስከፈላችሁኝ» ሲል እውነቱን ነው። በተቃራኒው የሮቶው ተንሳፋፊ ቫልቭ ሊዘጋ ሲል ውሃው በጣም ቀስ ብሎ ስለሚገባ ያረጀ ቆጣሪ አይቆጥረውም።

ወደ ጉድጓዱ እንምጣ። «ውሃው ቀነሰ» ሲባል ሦስት የተለያዩ ነገሮች ሊሆኑ ይችላሉ፣ መድኃኒታቸውም የተለያየ ነው። የሚያስፈልግሽ ዲፕ ሜትር (ጉድጓድ ውስጥ ወርዶ የውሃውን ጥልቀት የሚለካ ገመድ) እና የፍሰት ቆጣሪ ብቻ ነው። ፓምፑ ቆሞ የውሃውን ከፍታ፣ ሲሠራ ደግሞ የወረደበትን ለኪ። ጉድጓዱ ሲቆፈር በ20 ሜትር መውረድ 8 ሊትር በሰከንድ ይሰጥ የነበረ ከሆነ ለአንድ ሜትር መውረድ 0.4 ሊትር ነው። ዛሬ ያንኑ 8 ሊትር ለማውጣት 30 ሜትር ከወረደ 0.27 ሆኗል፤ ከአቅሙ አንድ ሦስተኛው ሄዷል፣ የማጣሪያው ወንፊት በዝገት ወይም በኖራ ተደፍኗል ማለት ነው፤ ጉድጓዱ መታጠብ አለበት። የቆመው ውሃ ራሱ ዓመት ከዓመት እየወረደ ከሆነ ግን ጥያቄው የከርሰ ምድር ውሃው ነው፤ ለመስኖ ብዙ ጉድጓድ በተቆፈረበት እንደ ቆቦ ባለ ሸለቆ ይህን በየወሩ መመዝገብ ግድ ይላል። ሦስተኛው፣ ፍሰቱም መውረዱም አብረው ከቀነሱ፣ ጉድጓዱ ደህና ነው፤ የፓምፑ ኢምፔለር (ውሃውን የሚገፋው ተሽከርካሪ ክፍል) በአሸዋ ተበልቷል ወይም ወደ ላይ የሚወጣው ቧንቧ ተቀዷል። ይህን ሳይለዩ ሁለተኛ ጉድጓድ ማስቆፈር የተለመደ ነው፣ ውድም ነው።

ሞተር ለምን ይቃጠላል? አብዛኛውን ጊዜ ከሦስቱ ፌዝ (የኃይል መስመሮች) አንዱ ስለሚጎድል ወይም ስለሚዛባ ነው። ኦቨርሎዱ (ሞተሩ ከልክ በላይ ሲስብ የሚያጠፋው መከላከያ) ይቆርጣል፣ ሠራተኛው ውሃ እንዳይቋረጥ ብሎ ማስተካከያውን በሞተሩ ሰሌዳ ላይ ከተጻፈው አምፔር በላይ ከፍ ያደርገዋል፣ ከሳምንት በኋላ ሞተሩ ይሄዳል። በክላምፕ ሜትር (ገመዱን አቅፎ አምፔር በሚለካ መሣሪያ) ሦስቱን ለኪ። 48፣ 52 እና 44 አምፔር ካገኘሽ አማካዩ 48፣ ትልቁ ልዩነት 4 ነው፤ 8.3 በመቶ። ከ5 በመቶ በላይ ከሆነ ዝም አይባልም። ምንጩን ለመለየት ኃይሉ ሙሉ በሙሉ ከተቆረጠ በኋላ ሦስቱን የሞተር ገመዶች ቅደም ተከተላቸውን ሳትቀይሪ በአንድ አቅጣጫ አንድ አንድ ደረጃ አዛውሪና ደግመሽ ለኪ። ከፍተኛው አምፔር በዚያው የመስመር ፌዝ ላይ ከቀረ ችግሩ የመብራት ኃይል ወይም የትራንስፎርመሩ ነው፤ ከሞተሩ ገመድ ጋር አብሮ ከተዛወረ ችግሩ ጉድጓድ ውስጥ ነው። ያን ጊዜ ሜገር (የገመዱና የሞተሩ ሽፋን ደህና መሆኑን የሚለካ መሣሪያ) ይምጣ፤ ጉድጓድ ውስጥ ያለ ሞተር ከ0.5 ሜጋ ኦም በታች ካሳየ ገመዱ ወይም ሞተሩ ተጎድቷል። ይህንን በወረቀት ይዛ ወደ መብራት ኃይል ቢሮ የምትሄድ ባለሙያና «መብራታችሁ ጥሩ አይደለም» እያለ የሚሄድ ሰው አንድ ዓይነት መልስ አያገኙም።

የኃይል ወጪውንም አስይው። 10 ሊትር በሰከንድ ወደ 150 ሜትር ለመግፋት ውሃው ራሱ የሚፈልገው 14.7 ኪሎ ዋት ነው። ፓምፑ 70 በመቶ፣ ሞተሩ 85 በመቶ ብቃት ካላቸው ከቆጣሪው የሚወሰደው 25 ኪሎ ዋት ገደማ፣ ለአንድ ሜትር ኩብ 0.7 ኪሎ ዋት ሰዓት ያህል ይሆናል። በመዝገብሽ ላይ 1.1 ካገኘሽ የሆነ ነገር ኃይል እየበላ ነው። ሥራ አስኪያጅ የሚገባው ቋንቋ ይኼ ነው።

ክሎሪን ቀላል ነው፤ ብዙ ጊዜ ግን በግምት ይጨመራል። 100 ሜትር ኩብ ውሃን በሊትር 2 ሚሊ ግራም ለማከም 200 ግራም ንጹሕ ክሎሪን፣ 65 በመቶ ከሆነው ዱቄት ደግሞ 308 ግራም ገደማ ያስፈልጋል። ቢያንስ 30 ደቂቃ ይቆይ፤ በመጨረሻው ቦኖ ላይ ከ0.2 እስከ 0.5 ሚሊ ግራም ይገኝ። ዱቄቱን ወደ ውሃ ጨምሪ እንጂ ውሃ በዱቄት ላይ አታፍሺ፤ ከጀነሬተሩ ናፍጣና ዘይት አጠገብም አይቀመጥ።

ወደ ገጠር ቀበሌ ከተላክሽ የምታገኚው ሌላ ዓለም ነው፤ የለማ ምንጭና የእጅ ፓምፕ። አፍሪዴቭ የሚባለው የእጅ ፓምፕ ብዙ ጊዜ የሚቆመው በዩሲል (የፒስተኑ ማሸጊያ ጎማ) ወይም በቦቢን (የቫልቩ መዝጊያ) ነው፤ ትናንሽ ዕቃዎች ናቸው፣ የሚጎድለው የሚሸጥበት ቦታና የውሃ ኮሚቴው ያጠራቀመው ገንዘብ ነው። ምንጭ ስትለኪ ከክረምት በፊት ባለው ድርቅ ለኪ፤ 20 ሊትር ጀሪካን በ16 ሰከንድ ከሞላ 1.25 ሊትር በሰከንድ ነው፣ በገጠር መስፈርት በቀን 25 ሊትር ለ4,300 ሰው ገደማ ይበቃል፣ የሌሊቱን የሚያጠራቅም ገንዳ ካለ ነው ታዲያ። በመስከረም ተለክቶ የተሠራ ምንጭ በግንቦት ሰው ያጣላል።

አንድ ነገር ጣልቃ እናስገባ። በብዙ ትናንሽ ከተሞች የመስመሩ ካርታ ያለው በአንድ አንጋፋ የቧንቧ ሠራተኛ ጭንቅላት ውስጥ ነው። «ጋሼ፣ ያንን ቫልቭ ያሳዩኝ» ብለሽ አብረሻቸው ዙሪ፤ በስልክሽ ጂፒኤስ እያንዳንዱን ቫልቭ፣ የቧንቧውን ስፋትና ዓይነት መዝግቢ። ካርታ መሥሪያው ኪውጂአይኤስም የቧንቧ መስመር ማስሊያው ኢፓኔትም በነጻ ይገኛሉ። እሳቸው ጡረታ ከወጡ በኋላ ይህንን የሚያውቅ አይኖርም። ዲግሪሽን ይዘሽ ልታርሚያቸው አትሂጂ፤ ሁለት ወር ሳታዳምጫቸው ያሰብሽው ሁሉ ስህተት ሊሆን ይችላል።

ከአንድ ዓመት በኋላ ሲቪሽ ላይ «በጥገና ሥራ ተሳትፌአለሁ» ብለሽ አትጻፊ። «የአንድ ቀጠናን የሌሊት ፍሰት ከዚህ ወደዚህ አወረድኩ፣ የሁለት ጉድጓዶችን የአቅም መዝገብ ለ12 ወር ያዝኩ» የሚል መስመር በክልሉ ውሃና ኢነርጂ ቢሮም፣ በእርዳታ ድርጅቶችም፣ በኮምቦልቻ ፋብሪካዎችም ዘንድ ጥያቄ ያስነሳል፣ መልሱም አለሽ። ፋብሪካዎቹን አትርሺ፤ የቦይለር ውሃ ማለስለሻና የፍሳሽ ማጣሪያ የሚይዝ ሰው ይፈልጋሉ። የኤሌክትሮመካኒካል ሥልጠና ለማግኘት አዲስ አበባ የሚገኘው የኢትዮጵያ ውሃ ቴክኖሎጂ ኢንስቲትዩት አለ፤ አጫጭር ሥልጠናዎቹ በአብዛኛው ሥራ ላይ ላሉ ባለሙያዎች ስለሆኑ ቅጥሩ ራሱ በር ይከፍትልሻል። ሁለተኛ ዲግሪውን ለሁለት ዓመት አቆዪው፤ የራስሽን መረጃ ይዘሽ አርባ ምንጭ ዩኒቨርሲቲ ብትገቢ የጥናት ርዕስ ፍለጋ አትንከራተቺም።

ተቋራጩን ብትመርጪ ግን ስህተት ሠራሽ አንልም። የ72 ሰዓት የፓምፕ ሙከራንና የመስመር ግፊት ፍተሻን በዓይንሽ ታያለሽ፤ የሙከራውን ሰንጠረዥ ቅጂ ያዢ፣ ከዓመታት በኋላ የጉድጓዱን በሽታ የሚለየው እሱ ነው። ችግሩ ከስድስት ወር በኋላ እንደገና ማስታወቂያ ታነቢያለሽ።

የውሃ አገልግሎቱን ውል ከመፈረምሽ በፊት የመደቡ መጠሪያ «መሐንዲስ» መሆኑን በጽሑፍ አረጋግጪ፤ ወደፊት ልምድሽ የሚቆጠረው በደብዳቤው ላይ ባለው መጠሪያ ነው። የሌሊት ሥራ ላይ ትራንስፖርት ማን እንደሚያቀርብና አብሮሽ የሚሄድ ሰው መኖሩን ጠይቂ፣ ይህ ማፈር የሚገባሽ ጥያቄ አይደለም። ከዚያ ፓምፕ ቤቱን ሄደሽ እዪ፤ የዕለት መዝገቡ አለ ወይ፣ ኮንትሮል ፓነሉ ውስጥ የፌዝ መቆጣጠሪያ ሪሌ፣ ጉድጓዱ ውስጥም ፓምፑ ያለ ውሃ እንዳይሠራ የሚከላከል ኤሌክትሮድ አለ ወይ፣ ጉድጓዱ ዲፕ ሜትር የሚገባበት መለኪያ ቱቦ አለው ወይ። ቱቦው ከሌለ ፓምፑ በሚቀጥለው ጊዜ ሲወጣ እንዲገባ በመጀመሪያው ሳምንት በጽሑፍ ጠይቂ። ፓምፑ የተንጠለጠለበት 150 ሜትር የ3 ኢንች ጂአይ (ዚንክ የተለበጠ ብረት) ቧንቧ ከነውሃው 2 ቶን ገደማ ይመዝናል፤ ለአንድ ቱቦ ብሎ ክሬን የሚያቆምልሽ የለም።