ኩራዚት ለማን ታበራለች?

ጥያቄ፦ እትዬ፣ ጤና ይስጥልኝ። አዘዞ የምኖር የ11ኛ ክፍል ተማሪ ነኝ። ፀሐይ የማትወጣበት ዓለም ፈጥሬ ልብ ወለድ እየጻፍኩ ነው። በዚያ ዓለም «ኩራዚት» የምላት አብሪ ጥንዚዛ አለች። አንዷ ብቻዋን አዳራሹን ቀን ታስመስለዋለች፤ የግንቡ ሰዎች በመቶ የሚቆጠሩትን በየጣሪያው ሰቅለው ይኖራሉ። ጓደኛዬ አንብቦ «ታዲያ ራሷን እንዴት አታቃጥልም? ውሸት ነው» አለኝ። ፈጠራ እኮ ነው፤ የግድ እውነት መምሰል አለበት?

መልስ፦ ልጄ፣ ጓደኛህን አትቀየመው፤ እኔም ድሮ እንደሱ አስቤ ነበር። በልጅነቴ፣ ክረምት ላይ፣ ቀሃ ወንዝ ዳር ሣር ውስጥ አረንጓዴ ነገር ሲያበራ አየሁ። ፍም መስሎኝ በእንጨት ነካሁት፤ አልጨሰም። ፈራ ተባ እያልኩ በጣቴ ብነካው ምንም አያቃጥልም። በብርሌ ከትቼ፣ አፉን በጨርቅ ወትፌ፣ ራስጌዬ አድርጌው አደርኩ። ሲነጋ ቡናማ ትል ሆኖ አገኘሁት። እናቴ «በይ ወደ ሣሩ መልሺው፣ እሱም የእናቱ ልጅ ነው» ብላ አስለቀቀችኝ። ኋላ ባዮሎጂ ሳስተምር ያንን ትል ለተማሪ ሳልተርክ ያለፈ ዓመት የለም።

ያ ትል የአብሪ ጥንዚዛ እጭ፣ ማለትም ገና ያላደገ ልጇ ነበር፤ ብርሃኑም እሳት አይደለም። በትሉ ሆድ ጫፍ ያለው ሉሲፈሪን የተባለ ንጥረ ነገር፣ ሉሲፈሬዝ በሚባል ኢንዛይም እየታገዘ ከኦክስጅን ጋር ሲዋሃድ ብርሃን ይሰጣል። ለዚህም ኤቲፒ የሚባለው የሴሉ የጉልበት ስንቅ ያስፈልጋል። የድሮው አምፖል ከሚበላው ኤሌክትሪክ አብዛኛውን ሙቀት አድርጎ ያባክነዋል፤ የጥንዚዛዋ ብርሃን ግን ሙቀት የለውም ማለት ይቻላል። ስለዚህ ኩራዚት አትቃጠልም።

እኔን ያሳሰበኝ ሌላ ነው፤ ኩራዚትህ የምታበራው ለሰው ብቻ ነው። ለራሷስ? በእኛ ዓለም ብዙዎቹ አብሪ ጥንዚዛዎች የሚያበሩት ለመጠራራት ነው። ወንዱ እየበረረ ብልጭ ድርግም ይላል፤ ሴቷ ሣር ላይ ሆና ወገኗ በሚያውቀው ምት ትመልስለታለች። አሜሪካ ውስጥ ደግሞ ፎቱሪስ የምትባል አለች፤ የሌላ ዝርያ ሴት መስላ ትመልስና የመጣላትን ወንድ ትበላዋለች! እጮቹም ያበራሉ፤ «መራራ ነኝ፣ አትንካኝ» ለማለት።

ደብረ ብርሃን ሥላሴን አስታውስ። በ1880 ዓ.ም. ደርቡሾች የጎንደርን አብያተ ክርስቲያናት ሲያቃጥሉ፣ የንብ መንጋ ወጥቶ አባሯቸው እሱ ተረፈ ብለው አባቶቻችን ነግረውናል። ተአምሩ የእግዚአብሔር ነው፤ ንቧ የሠራችው ግን የንብ ሥራ ነው፤ ነደፈች። ጎራዴ መዘዘች ቢሉን ኖሮ ማን ይቀበል ነበር? ኩራዚትም የኩራዚትን ሥራ ትሥራ።

አዳራሽ ቀን ታስመስላለች ያልከውን ሰርዘው። አንዷ ከዳዊት አንዲት መስመር ብታስነብብ ይበቃታል፤ ያኔ ሰው ለምን መቶዋን እንደሚሰቅል ይገባኛል። ምግቧንም አስብበት፤ ፀሐይ ከሌለ ቅጠል የለም። የእኛዎቹ እጮች ቀንድ አውጣ ይበላሉ። በውቅያኖስ ወለል ደግሞ ከምድር ውስጥ በሚፈልቅ ኬሚካል የሚኖሩ ባክቴሪያዎች አሉ። ለግንቡም ፍልውሃ ፍጠርለት፤ እንዲህ ያለ ባክቴሪያ አልብሰው፣ ቀንድ አውጣ አሰማራበት።

አሁን ወደ ጣሪያው ተመለስ። የመንገድ መብራት በበዛበት ቦታ የእኛ አብሪ ጥንዚዛዎች ጥሪያቸው አይታይም፤ ወንድና ሴት ይጠፋፋሉ። መቶ ኩራዚት ባንድ አዳራሽ ስትሰቅል የአንዷ ጥሪ በሌሎቹ ብርሃን ይዋጣል። የሚወለዱት በየዓመቱ ያንሳሉ፤ የግንቡ ሰዎች ጨለማው ሲበረታባቸው ከውጭ ሌላ እያጠመዱ ይጨምራሉ። ከመካከላቸው አንዲት ልጅ ብርሌዋን ይዛ ወደ ሣሩ ስትወጣ ምን እንደምታይ፣ ያንን ምዕራፍ ጽፈህ ላክልኝ።