የክልል ክሪኬተኛ ባህር ማዶ ሲሻገር
የአንባቢያን ጥያቄና መልስ

በዚህ እትም የመረጥናቸው ጥያቄዎች በአገሩ ለክልል ወይም ለግዛት ቡድን ተጫውቶ፣ ኋላ የውጭ አገር ክለብ ስለሚቀጥረው የክሪኬት ተጫዋች ናቸው። ዓመቶቹ በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ጥያቄ፦ አንድ ህንዳዊ ተጫዋች በአገር ውስጥ ውድድር ከ10,000 በላይ ራን (የክሪኬት ነጥብ) አስቆጥሮ፣ ለብሔራዊ ቡድኑ አንድ ቀን እንኳ ሳይሰለፍ ጫማውን ሰቀለ ሲባል ሰማሁ። ይህ እንዴት ይሆናል?

መልስ፦ የሰሙት ስለ አሞል ሙዙምዳር ሳይሆን አይቀርም። በ1994 ለሙምባይ በተሰለፈበት የመጀመሪያ ጨዋታ ሃሪያናን ገጥሞ 260 ራን አስቆጠረ። በጊዜው በፈርስት ክላስ የመጀመሪያ ጨዋታ የተመዘገበ የዓለም ክብረ ወሰን ነበር። ሲያቆም 11,167 ራንና 30 መቶዎች (በአንድ የመምታት ተራ 100 ወይም ከዚያ በላይ ራን) ነበሩት። ዕድሉን የዘጋው የእሱ ድክመት ሳይሆን የተወለደበት ዘመን ነው። የህንድ የመሃል መቺዎች ቦታ በሳቺን ቴንዱልካር፣ በራሁል ድራቪድ፣ በሳውራቭ ጋንጉሊና በላክስማን ተይዞ ነበር፤ እነሱም ለዓመታት አልለቀቁትም። ከእሱ በፊት ራጂንደር ጎዬል በራንጂ ትሮፊ 637 ዊኬት ወስዶ (ማለትም 637 ጊዜ መቺ አስወጥቶ) አንድም ቴስት፣ ማለትም የብሔራዊ ቡድኖች ረጅም ጨዋታ፣ አልተጫወተም። ምክንያቱ ያው ነው፤ በዚያው ዘመን በዚያው የግራ እጅ ስፒን (ኳስ አሽከርክሮ መወርወር) ቢሻን ቤዲ ነበር። መራጮች ቦታ ይሞላሉ እንጂ ድምር አይቆጥሩም።

ደረጃውን ለማያውቁ አንባቢዎቻችን፦ ፈርስት ክላስ የሚባለው ቢያንስ ሦስት ቀን የሚወስድና እያንዳንዱ ቡድን ሁለት ጊዜ የሚመታበት ጨዋታ ነው። የህንድ ራንጂ ትሮፊ (ከ1934/35 ጀምሮ)፣ የአውስትራሊያ ስድስት ግዛቶች የሚፋለሙበት ሼፊልድ ሺልድ (ከ1892/93 ጀምሮ) እና የእንግሊዝ 18 ካውንቲዎች ሻምፒዮና በዚህ ደረጃ ላይ ናቸው። ስለዚህ «የአገር ውስጥ ተጫዋች» ሲባል ትንሽ ተጫዋች ማለት አይደለም። ሙዙምዳርም በ2025 የሴቶችን የዓለም ዋንጫ ያነሳው የህንድ ቡድን ዋና አሰልጣኝ ነበር።

ጥያቄ፦ በእንግሊዝ የቅዳሜ ክለቦች ውስጥ የሚጫወቱት መምህራንና ነጋዴዎች ናቸው ይባላል። ታዲያ ከሌላ አህጉር ባለሙያ ለምን ያስመጣሉ? ምንስ ይጠብቁበታል?

መልስ፦ ልማዱ የቆየ ነው። በ1892 የተመሠረተው የላንክሻየር ሊግ ክለቦች በየቡድኑ አንድ ባለሙያ የማሰለፍ ወግ አላቸው። ሊግን የቀየረ ባለሙያ ቢባል ከትሪኒዳዱ ሊሪ ኮንስታንታይን የሚቀድም የለም። ከ1929 እስከ 1937 ለኔልሰን ተጫውቷል፤ በእነዚያ ዘጠኝ የውድድር ዘመናት ቡድኑ ሰባት ጊዜ ሻምፒዮን ሲሆን ሁለት ጊዜ ሁለተኛ ወጥቷል። ኋላም ዴኒስ ሊሊ በሃስሊንግደን፣ ካፒል ዴቭ በኔልሰን፣ ቪቭ ሪቻርድስ በሪሽተን ተጫውተዋል። ዛሬ እንዲህ ያለው ስም ወደ አጫጭሮቹ የ20 ኦቨር (አንድ ኦቨር ስድስት ኳስ ነው) ሊጎች ስለሚሄድ፣ የክለቡ ወንበር ለክልል ተጫዋቾች ተለቅቋል።

የሚጠበቅበት ነገር ከሚያስበው በላይ ሰፊ ነው። በመምቻው ተራ ሦስተኛ ወይም አራተኛ ሆኖ ይገባል፤ የተፈቀደለትን ኦቨር እስከ መጨረሻው ይወረውራል፤ በሳምንቱ መካከል ታዳጊዎችን ያሠለጥናል። ብዙ ጊዜም የካፒቴኑ አማካሪ እሱ ነው። ስለዚህ በአማካይ 45 እየመታ ኳስ ከማይወረውር ሰው ይልቅ፣ በአማካይ 32 የሚመታና አሥር ጥብቅ ኦቨር የሚወረውር በቶሎ ውል ያገኛል። ወደ ውጭ ለመሄድ የሚያስብ መቺ ከጉዞው በፊት ባሉት ሁለት የውድድር ዘመናት ስፒንም ሆነ መካከለኛ ፍጥነት ይዞ በአገሩ ጨዋታ ላይ ቢወረውር፣ በመዝገብ የሚታይ ነገር ይኖረዋል። በልምምድ ሜዳ ብቻ የተወረወረ ኳስ ማንም አይቆጥርለትም።

ውሉ ላይ አራት ነገሮች ተለይተው ይጻፉ፦ የአውሮፕላን ትኬት የደርሶ መልስ መሆኑ፣ ቤቱ ለብቻ ወይም በጋራ መሆኑ፣ የመኪናው ኢንሹራንስ በማን ስም እንደሆነ፣ ሠልጣኞቹ በሳምንት ስንት ሰዓት እንደሚወስዱበት። ጸብ የሚነሳው ከሦስተኛውና ከአራተኛው ነው። በውጭ አገር መንጃ ፈቃድ በብሪታንያ እስከ 12 ወር መንዳት ይቻላል፤ ነገር ግን ኢንሹራንሱ ስሙን ካላካተተ መኪናው የቆመ ጌጥ ነው። ከ18 ዓመት በታች የሆኑትን ለማሠልጠን ደግሞ የወንጀል መዝገብ ማጣሪያ ያስፈልጋል። የብሪታንያው ማጣሪያ የውጭ አገር መዝገብ ስለማያሳይ፣ ከአገሩ ፖሊስ የተሰጠ ማስረጃ ይዞ ቢሄድ ሳምንታት ይቆጥባል።

በነገራችን ላይ ከጥንት የመጣ ደስ የሚል ወግ አለ፤ ባለሙያው 50 ራን ሲሞላ ወይም አምስት ዊኬት ሲወስድ ለተመልካቹ ኮፍያ ይዞራል፣ የተሰበሰበውም ለእሱ ነው። ውል ሲፈርም ግን በዚህ ገንዘብ ተማምኖ ደመወዙን ዝቅ ማድረግ የለበትም።

ጥያቄ፦ ወንድሜ ለግዛቱ ቡድን ይጫወታል። አንድ የእንግሊዝ ክለብ «በጎብኚ ቪዛ ና፣ በአማተርነት ትጫወታለህ፣ ማረፊያና ኪስ ገንዘብ እንሰጥሃለን» ብሎታል። ይሂድ?

መልስ፦ በጎብኚ ቪዛ አይሂድ። የብሪታንያ የኢሚግሬሽን ደንብ ባለሙያ ስፖርተኛ የሚለውን ሰፋ አድርጎ ነው የሚተረጉመው። በባለሙያ ወይም በከፊል ባለሙያ ደረጃ የሚጫወት ወይም የሚያሠለጥን ሰው፣ ባለፉት ሁለት ዓመታት ብሔራዊ ቡድኑን አልፎ ተርፎም ግዛቱን ወይም ክልሉን የወከለ ሰው በዚህ ትርጓሜ ውስጥ ሊወድቅ ይችላል። ደመወዝ አለመቀበሉ አያድነውም። ማረፊያና ኪስ ገንዘቡ ራሱ እንደ ክፍያ ሊታይ ይችላል። ከአውሮፕላን ጣቢያ መመለስ አንድ ነገር ነው፤ መዝገብ ላይ የሚቀረው እምቢታ ግን ቀጣዩን የቪዛ ማመልከቻ ሁሉ ይከተለዋል።

ትክክለኛው መንገድ ከጥቅምት 2021 ጀምሮ ሥራ ላይ ያለው የዓለም አቀፍ ስፖርተኛ ቪዛ ነው። ቅደም ተከተሉ እንዲህ ይሄዳል። ክለቡ የስፖንሰርነት ፈቃድ ያለው መሆኑን መጀመሪያ ይጠይቅ፤ ከሌለው ለዚህ ዓመት ሐሳቡ እዚህ ላይ ያበቃል ማለት ይቻላል። ቀጥሎ የእንግሊዝና ዌልስ ክሪኬት ቦርድ ድጋፍ ይጠየቃል። ቦርዱ የሚያየው ተጫዋቹ በቅርብ ዓመታት በምን ደረጃ ስንት ጨዋታ እንዳደረገ ስለሆነ፣ የውጤት መዝገቦቹ ከአገሩ ማኅበር ማኅተም ጋር ይዘጋጁ። ስም በአንዱ ወረቀት አንድ ዓይነት፣ በፓስፖርቱ ሌላ ዓይነት መጻፉ በጣም የተለመደ የመዘግየት ምክንያት ነው። ድጋፉ ሲገኝ ክለቡ የስፖንሰር ምስክር ወረቀት ያወጣል። በዚህ ወረቀት በሦስት ወር ውስጥ ካላመለከተበት ይቃጠላል፤ ስለዚህ በኅዳር ማስወጣት ችኮላ ነው። ከብሪታንያ ውጭ ለሚያመለክት ሰው ውሳኔው በተለምዶ ሦስት ሳምንት ይወስዳል። የውድድሩ ዘመን በሚያዝያ ስለሚጀምር፣ ውሉ ከገና በፊት ተፈርሞ ማመልከቻው በጥርና በየካቲት ቢገባ ይመቻል። ቆይታው ከስድስት ወር በላይ ከሆነ ከህንድ፣ ከፓኪስታን፣ ከደቡብ አፍሪካና ከሌሎች የተዘረዘሩ አገሮች የሚነሳ ሰው የሳንባ ነቀርሳ ምርመራ ይጠየቃል። በዚህ ምክንያት ብዙ ክለቦች ቆይታውን ከስድስት ወር በታች ያደርጉታል።

ከዚህ ሁሉ ጎን ለጎን የአገሩ ቦርድ «ተቃውሞ የለንም» የሚል ደብዳቤ መስጠት አለበት። ደብዳቤው ላይ የመነሻና የመመለሻ ቀን መኖሩን ያረጋግጥ። ቀን የሌለው ደብዳቤ ቦርዱ በፈለገው ጊዜ «ተመለስ» እንዲለው በር ይከፍታል፤ ክለቡ ደግሞ በውድድሩ መሃል ባለሙያውን ያጣል።

ጥያቄ፦ በአገሩ በአማካይ 48 ይመታ የነበረ ሰው በእንግሊዝ በመጀመሪያዎቹ ስድስት ጨዋታዎች 20 አልሞላም። ችሎታው ምን ሆነ?

መልስ፦ ችሎታው ያው ነው፤ የተለወጡት ኳሱና መሬቱ ናቸው።

ከኳሱ እንጀምር። በአውስትራሊያ የሚወረወረው ኩካቡራ ከስድስቱ የስፌት መስመሮች ውጪኞቹ በማሽን የተሰፉ ናቸው። ስፌቱ ከ20 እስከ 25 ኦቨር ገደማ በኋላ ይተኛል፤ ከዚያ በኋላ መቺው ይዝናናል። በእንግሊዝ ፈርስት ክላስ የሚታወቀው ዱክስ ስድስቱም መስመሮች በእጅ የተሰፉ ናቸው፤ ስፌቱ ቆሞ ይቆያል፣ ቆዳውም ሽፋኑን ስለሚይዝ ረጅም ጊዜ አየር ላይ ይታጠፋል። በህንድ የሚሠራበት ኤስጂም በእጅ የተሰፋ ነው፤ ግን በደረቁ ሜዳ ውበቱ ቶሎ ይለቅና ለስፒን ወርዋሪው ይሆናል። ስለዚህ ከህንድ የመጣ መቺ «30 ኦቨር ካለፈ ኳሱ ያርፋል» የሚለው ልማዱ እንግሊዝ ውስጥ ያስወጣዋል።

መሬቱ ደግሞ በሚያዝያና በግንቦት እርጥብ ነው። ኳሱ ሲነጥር ይዘገያል፣ ስፌቱ ላይ ሲያርፍ ወደ ግራም ወደ ቀኝም ይነጥራል። በጠንካራ ሜዳ ያደገ ሰው እጁን ቀድሞ ወደ ፊት ይልካል፤ ባቱ (መምቻው) ቀድሞ ይደርሳል፣ ኳሱ ዘግይቶ ይመጣል፣ ወይ ወደ መካከለኛው ሜዳ በቀላሉ ይነሳል ወይ ጠርዙን ነክቶ ስሊፕ (ከመቺው ኋላ በጎን የሚቆም ተከላካይ) እጅ ይገባል። መድኃኒቱ ኳሱን በዓይን ሥር አዘግይቶ መምታት ነው። ለመጀመሪያዎቹ 30 ኳሶች ከኦፍ ስተምፕ (ከመቺው ኋላ ከተተከሉት ሦስት እንጨቶች ከእግሩ የራቀው) ውጭ የሆነውን በሙሉ መተው፣ ድራይቭ (ወደ ፊት የሚላክ ምት) መምታትን ኳሱ በጣም ወደ እግር ሲቀርብ ብቻ መፍቀድ፣ ባቱን በሁለት እጅ አጥብቆ ሳይሆን የታችኛውን እጅ ላላ አድርጎ መያዝ። በልምምድ ላይ ቦውሊንግ ማሽኑን ፈጣን ከማድረግ ይልቅ በሰዓት 105 ኪሎ ሜትር ገደማ አስተካክሎ ዘግይቶ መምታትን መለማመድ የበለጠ ይጠቅማል። ብዙዎች ተቃራኒውን ያደርጋሉ፤ ስላልመቱ የበለጠ ፈጣን ኳስ ይለማመዳሉ፣ እጃቸው የበለጠ ይቸኩላል።

ለወርዋሪውም ነገሩ ይገለበጣል። በጠንካራ ሜዳ ከስተምፑ ሰባት ሜትር ገደማ ላይ ያሳርፍ የነበረ ፈጣን ወርዋሪ፣ በእርጥቡ ሜዳ አንድ ሜትር ያህል ወደ መቺው ካላቀረበው ኳሱ ይታጠፋል ግን ባቱን አልፎ ይሄዳል። ውብ ይመስላል፤ ዊኬት ግን የለውም።

ጥያቄ፦ የእንግሊዝ ወቅት በመስከረም ሲያበቃ የአውስትራሊያ ግሬድ ክሪኬት (የክለቦች ውድድር) ይጀምራል። ፈጣን ወርዋሪ ዓመቱን ሙሉ ሁለቱንም መጫወት ይችላል?

መልስ፦ መቺና ስፒነር ይችላሉ። ፈጣን ወርዋሪ፣ በተለይ ከ25 ዓመት በታች ከሆነ፣ ባይሞክረው ይሻላል። የታችኛው ጀርባ አጥንት በድካም ይሰነጠቃል፤ ይህም በወጣት ፈጣን ወርዋሪዎች የታወቀ ጉዳት ነው። ሁለት ነገር ያመጣዋል፤ እረፍት ማጣትና የኳስ ብዛት በድንገት መጨመር። መሄዱ ካልቀረ በመሃል ጥቂት ሳምንታት ኳስ ሳይነካ ያርፍና፣ ከዚያ ከስድስት እስከ ስምንት ሳምንት ቀስ እያለ ቁጥሩን ይጨምር። በአንድ ወገን ብቻ የሚሰማ፣ ወደ ኋላ ሲለጠጥ የሚብስ የጀርባ ሕመም ከመጣ በማሸት የሚታለፍ አይደለም፤ መወርወሩን አቁሞ ምርመራ ያስፈልገዋል።

ጥያቄ፦ በሄደበት አገር ቢቆይ ለዚያ አገር ብሔራዊ ቡድን መሰለፍ ይችላል?

መልስ፦ በዓለም አቀፉ የክሪኬት ምክር ቤት ደንብ በትውልድ፣ በዜግነት ወይም ባለፉት ሦስት ዓመታት ዋና መኖሪያው እዚያ በመሆኑ ብቁ ይሆናል። ሳውራብ ኔትራቫልካር ለሙምባይ አንድ የራንጂ ጨዋታ ብቻ ተጫውቶ በ2015 ለትምህርት ወደ አሜሪካ ሄደ። በሰኔ 2024 ዳላስ አቅራቢያ አሜሪካ ፓኪስታንን በሱፐር ኦቨር (እኩል ሲወጡ ለመለያ በሚጨመር አንድ ኦቨር) ስታሸንፍ ወሳኙን ኦቨር የወረወረው እሱ ነበር፤ በዚያው ጊዜ የሶፍትዌር መሐንዲስነት ሥራውንም አልተወም። በተቃራኒው ኡንሙክት ቻንድ በ2012 የህንድን ከ19 ዓመት በታች ቡድን በአምበልነት መርቶ የዓለም ዋንጫን ያስገኘ፣ በፍጻሜውም ሳይወጣ 111 የመታ ነው። በ2021 ከህንድ ክሪኬት ተሰናብቶ አሜሪካ ገባ፤ ለ2024ቱ የዓለም ዋንጫ ግን አልተመረጠም። ሦስቱ ዓመት ብቁ ያደርጋል፤ ቦታ አይሰጥም።

ጥያቄ፦ «ኮልፓክ» የሚባለው መንገድ አሁንም ይሠራል?

መልስ፦ አይሠራም። ማሮሽ ኮልፓክ የተባለ የስሎቫክ የእጅ ኳስ ተጫዋች በ2003 በአውሮፓ ፍርድ ቤት ያሸነፈበት ክርክር፣ ከአውሮፓ ኅብረት ጋር ስምምነት ካላቸው አገሮች የመጡ ተጫዋቾች እንደ ውጭ ዜጋ እንዳይቆጠሩ በር ከፍቶ ነበር። ብዙ የደቡብ አፍሪካ ክሪኬተኞች በዚህ ገብተዋል። ብሪታንያ ከኅብረቱ ስትወጣ በ2020 መጨረሻ ተዘጋ።

ጥያቄ፦ ምን ዕቃ ይዞ ይሂድ?

መልስ፦ ሁለት የተለማመደባቸው ባቶች። አዲስ ባት ገዝቶ በቀጥታ ሜዳ መግባት ያሰነጥቀዋል፤ ሽፋን የሌለው ከሆነ በጥሬ የተልባ ዘይት ስስ አድርጎ መቀባት፣ አግድም አስተኝቶ አንድ ቀን ማቆየት፣ ይህን ሁለት ጊዜ መድገም፣ ከዚያ በእንጨት መዶሻ ፊቱንና ጠርዞቹን ከአምስት እስከ ስድስት ሰዓት ድረስ ቀስ እያሉ ማጠንከር ያስፈልጋል። እጀታውና ከእጀታው ጋር የተጋጠመበት ቦታ ዘይት አይንካቸው፤ ሙጫው ይለቃል። የባቱ ጫፍ እርጥበት ጠጥቶ ስለሚያብጥ የጎማ መከላከያ ይለጠፍበት። ጫማው ደግሞ የብረት ጥርስ ያለው ይሁን። በደረቅ ሜዳ የሚበቃው የጎማ ሶል በሚያዝያው ሣር ላይ ያንሸራትታል፤ ወርዋሪ ፊት እግሩን ሲያሳርፍ ከተንሸራተተ ጉልበቱን ወይም ብሽሽቱን ይጎዳል። የሚፈቱ ጥርሶች ከሆኑ መለዋወጫና መፍቻውን አብሮ ይያዝ።