መልስ፦ ሰባት ዓመቴ ይቃጠላል ወይ?

እህቴ፣ ከወረዳ ሥራሽ ብትለቂ ለጡረታ የሚቆጠረው የ7 ዓመት አገልግሎትሽ ይቃጠል እንደሆነ ጠይቀሻል፤ አይቃጠልም፣ ተረጋጊ። ከወረዳው ለቀሽ ፌዴራል መሥሪያ ቤት ብትገቢ ሁለቱም የመንግሥት ናቸው፣ አገልግሎትሽ ይደመራል። 7 ዓመት ሠርተሽ ከሆነ አዲሱ ቦታ 3 ስትጨምሪ 10 ሞላሽ ማለት ነው፤ የዘለቄታ ጡረታ (በየወሩ ዕድሜ ልክ የሚከፈለው) ደግሞ ቢያንስ 10 ዓመት ነው የሚጠይቀው። ለጡረታ አንቺ ከደመወዝሽ የምትከፍዪው 7 በመቶ፣ መሥሪያ ቤቱ የሚጨምረው 11 በመቶ እዚያም ይቀጥላል። የማይቆጠርልሽ መሃል ላይ ሥራ ሳይኖርሽ የተቀመጥሽበት ጊዜ ነው።

ከተቻለ ግን ከመልቀቅ ዝውውር ይሻላል። ካልሆነ የአንድ ወር ማስጠንቀቂያ ስጪ፣ ዝም ብለሽ እንዳትቀሪ።

ዋናው ጣጣ ሕጉ አይደለም፣ ወረቀቱ ነው። እኔ ስለቅ የሰጡኝ ደብዳቤ የተቀጠርኩበትን ቀን አልያዘም ነበር፣ እሱን ለማስተካከል ስንት ጊዜ ተመላለስኩ መሰለሽ! ስለዚህ ክሊራንስሽን (ከንብረትና ከዕዳ ነፃ መሆንሽን የሚያሳየውን ወረቀት) ስትጨርሺ የተቀጠርሽበትና የለቀቅሽበት ቀን፣ ደመወዝሽና የጡረታ መዋጮ መቆረጡ የተጻፈበት የሥራ ልምድ ይዘሽ ውጪ። የጡረታ መለያ ቁጥርሽንም ያዢ፣ አዲስ ቦታ ሌላ ቁጥር እንዳያወጡልሽ። የልደት ቀንሽም መጀመሪያ ስትቀጠሪ ከሞላሽው የሕይወት ታሪክ ፎርም ጋር አንድ ይሁን፣ ሁለቱ ቀኖች ከተለያዩ ኋላ የሚያዘው የመጀመሪያው ነው።