በዓይኔ በብረቱ አየሁት ሲላችሁ

ጥብቅና ለጀመራችሁ ወጣቶች፣

የሰው ምስክር ሲሰማ ብዙዎቻችሁ ምስክሩን ውሸታም ለማስባል ስትታገሉ አያለሁ። «ከተከሳሹ ጋር ቂም የለዎትም?» «ማን አስጠናዎት?» ምስክሩ ይቆጣል፣ ዳኛው ፊታቸውን ያጠቁራሉ፣ ደንበኛችሁ አንገቱን ይደፋል። አጥፊውን በመልክ ለየሁት በሚባልበት ክርክር ግን ከሚዋሸው ይልቅ የሚያስፈራው ከልቡ የተሳሳተው ምስክር ነው። ያመነውን ስለሚናገር አይንተባተብም፤ ብታፋጥጡት ይብስበታል።

የ1954ቱ የወንጀለኛ መቅጫ ሥነ ሥርዓት ሕግም በአንቀጽ 137 መስቀለኛ ጥያቄ፣ ማለትም ተቃራኒው ወገን ለምስክሩ የሚያቀርበው ጥያቄ፣ ሐሰቱን ብቻ ሳይሆን የተሳሳተውንና አጠራጣሪውንም እንዲያሳይ ይፈልጋል። እናንተ ሐሰቱን ብቻ ይዛችሁ ትሮጣላችሁ።

በአሜሪካ፣ ሰሜን ካሮላይና ውስጥ በርሊንግተን በምትባል ከተማ በ1984 (እ.ኤ.አ.) የሆነውን አንብቡ። አንዲት ተማሪ ቤቷ ሰብሮ በገባ ሰው ተደፈረች። ከተረፍኩ አስይዘዋለሁ ብላ መልኩን ሆን ብላ አጠናችው። ፖሊስ ፎቶዎች ሲያቀርብላት ሮናልድ ኮተንን መረጠች። ቀጥሎ ሰዎች ተሰልፈው ሲቀርቡላትም መረጠችው፤ ከፎቶዎቹ መካከል በሰልፉ ላይ የተገኘው ግን እሱ ብቻ ነበር። ከመረጠች በኋላ በፎቶ የለየችው ያንኑ ሰው መሆኑ ተነገራት። ከዚያ በኋላ ምን ጥርጣሬ ይቀራል? በ1987 ጉዳዩ እንደገና ሲታይ እውነተኛው አጥፊ ችሎት ቀርቦ አየችው፤ አይቼው አላውቅም አለች። ኮተን በዲኤንኤ ምርመራ ነፃ የወጣው በ1995 ነው፣ ከአሥር ዓመት በላይ ከታሰረ በኋላ። ሴትዮዋ አንዲት ቃል አልዋሸችም።

ወደ እኛ ሰፈር እንምጣ። ማታ፣ መብራት በጠፋበት መንገድ ላይ፣ ሁለት ወጣቶች በሞተር መጥተው ስልክ ነጠቁ እንበል። ብርሃኑ ከየት ነበር? ነጣቂው ኮፍያ ወይም ሄልሜት አድርጎ ነበር? ቢላ ተመዞ ከሆነ የተበዳዩ ዓይን ያረፈው ፊቱ ላይ ነው ወይስ ስለቱ ላይ? ከዚህ ሁሉ በፊት ግን ለፖሊስ የሰጠውን የመጀመሪያ ቃል ፈልጉ። «ጠይም፣ ረዘም ያለ ልጅ» ይላል፤ የከተማው ወጣት ግማሹ ማለት ነው። ችሎት ሲቀርብ ያው ሰው የቅንድቡን ጠባሳ ሳይቀር ይቆጥራል። ጠባሳውን መቼ አየው? ጣቢያ ውስጥ ተጠርጣሪውን ብቻውን፣ እጁ በካቴና ታስሮ አሳይተውት ይሆናል። ፎቶው በቴሌግራም ሲዘዋወር ደርሶት ይሆናል። ከሌሎች ጋር ተሰልፎ ተመርጧል ከተባለም፣ አብረውት የቆሙት በዕድሜና በቁመት ይመስሉት እንደነበር ጠይቁ። ምርጫውን ያካሄደው መርማሪ ተጠርጣሪው የትኛው እንደሆነ ያውቅ ነበር ወይ የሚለውም መጠየቅ አለበት።

ዐቃቤ ሕግ «የነጠቀዎት ሰው እዚህ ችሎት ውስጥ አለ?» ሲል ዝም ብላችሁ አትለፉ። በሁለት ፖሊስ መሐል የቆመው አንድ ሰው ብቻ ነው፤ ጉዳዩን ሰምቶ የማያውቅ መንገደኛ ቢጠየቅም እሱኑ ይጠቁማል።

«የሰፈራችን ልጅ ነው፣ አውቀዋለሁ» የሚልም አያስደንግጣችሁ። የእንግሊዝ ይግባኝ ሰሚ ፍርድ ቤት በ1976 (እ.ኤ.አ.) ተርንቡል በሚባለው ጉዳይ ሰው የቅርብ ዘመዱንና ጓደኛውን ሲለይም እንደሚሳሳት ዳኞች ለጁሪው፣ ማለትም ጥፋተኝነትን ለሚወስኑት ተራ ዜጎች፣ እንዲያስታውሱ አዟል። መርካቶ ውስጥ ዘመዱ መስሎት የማያውቀውን ሰው ትከሻ ያልመታ ማን አለ?

ዐቃቤ ሕግ የሆናችሁም ይህ የጠበቃ ነገር ነው ብላችሁ አትተዉት። ያልሠራው ሲፈረድበት የሠራው ሰፈር ውስጥ ይዞራል።

አንድ ጥያቄ ግን ከአፋችሁ አይውጣ፦ «እርግጠኛ ነዎት?» የሚለው። መልሱ «አዎ» ነው፤ ያ «አዎ» መዝገብ ላይ የሚሰፍረው ደግሞ በእናንተ ጥያቄ ነው። በምትኩ መጀመሪያ ፎቶውን ባሳዩት ቀን ምን እንዳለ፣ ምን ያህል ጊዜ እንደወሰደበት፣ ከመረጠ በኋላ ማን ምን እንዳለው ጠይቁት። መልሱን አስመዝግቡና ተቀመጡ።